ሙያና አገዛዝ፦ የፊልም ዲሬክተሩ ጎፍሬዶ አሌሳንድሪኒ በወረራው ዘመንና ከዚያ በኋላ

ከደብረ ብርሃን ወደ ደሴ የሚወስደው አውራ ጎዳና ደጋውን ጨርሶ ወደ ደብረ ሲና ቁልቁል ከመውረዱ በፊት የጣርማ በርን ተራራ ሰንጥቆ ያልፋል። ከባሕር ወለል ከ3000 ሜትር በላይ ከፍታ ላይ የሚገኘውና ርዝመቱ ከግማሽ ኪሎ ሜትር የሚበልጠው ይህ ዋሻ በፋሽስት ኢጣልያ ወረራ ዘመን ተፈልፍሎ በሙሶሊኒ ስም የተሰየመ ነበር። ዓላማውም የታወቀ ነው፤ ከአሥመራ በደሴ በኩል ወደ አዲስ አበባ ጦርና ስንቅ በፍጥነት ለማጓጓዝ ነው። አገዛዙ ከወደቀ በኋላ ግን በዚያው ዋሻ እህል የጫነ መኪና፥ ሐኪም ፈላጊ በሽተኛ፥ ተማሪና ነጋዴ ሲያልፍበት ኖሯል። ስለሆነም የምሕንድስና ባለሙያዎች ስለ ጣርማ በር በተነጋገሩ ቁጥር አንድ ጥያቄ ይነሣል፦ የባለሙያ ሥራ ካሠራው አገዛዝ ተለይቶ ሊመዘን ይችላልን? «እኔ ሙያዬን ብቻ ነው የሠራሁት» የሚለው ቃልስ እስከ ምን ድረስ ያድናል?

ለዚህ ጥያቄ ድንጋይ ከሚፈለፍለው ሙያ ይልቅ ምስል የሚቀርጸው ሙያ የጠራ ምሳሌ ይሆናል። ዋሻው በተፈለፈለበት ዘመን፥ በዚያው አገዛዝ ወጪና ፈቃድ፥ ስለ ኢትዮጵያና በተለይም ስለ ሸዋ ፊልም የሠራ አንድ ኢጣልያዊ ነበር። ስሙ ጎፍሬዶ አሌሳንድሪኒ ይባላል። ዛሬ ስሙን የሚያስታውሰው ጥቂት ሰው ነው። የሕይወቱ ታሪክ ግን ሙያ ለአምባገነን ሲያድር ምን እንደሚያገኝ፥ ጌታው ሲወድቅም ምን እንደሚተርፈው በግልጽ ያሳያል።

የፋሽስት መንግሥት የሲኒማን ኃይል የተረዳው ቀደም ብሎ ነው። ሉቼ የተባለው የመንግሥት የፊልም ድርጅት የተቋቋመው እ.ኤ.አ. በ1924 ሲሆን፥ ኢትዮጵያ በተወረረች ጊዜ ይኸው ድርጅት ለምሥራቅ አፍሪቃ የተለየ የፎቶግራፍና የፊልም ክፍል አቋቁሞ ከጦሩ ጋር አሰማርቷል። እ.ኤ.አ. በ1937 ደግሞ ቺኔቺታ የተባለው ታላቅ የፊልም መሥሪያ በሮማ ከተማ ተከፈተ። ሙሶሊኒ ሲኒማን ከመሣሪያዎች ሁሉ የበረታ መሣሪያ ብሎ ጠርቶት ነበርና፥ ካሜራው እንደ መድፉ ሁሉ በጀትና ግዳጅ ተሰጠው።

የካሜራው ዋና ግዳጅ ወራሪውን የሥልጣኔ አምጪ አድርጎ ማሳየት ነበር። ለዚህም መንገድ ሥራን ያህል የተመቸ ነገር አልተገኘም። ይሁን እንጂ እውነቱ በጣርማ በር ራሱ ተጽፎ ይገኛል። ቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ በኅዳር 1928 ዓ.ም. ከአዲስ አበባ ወደ ደሴ የዘመቱት በመኪና ነው፤ ይህም ማለት መንገዱ ኢጣልያኖች ከመምጣታቸው በፊት በኢትዮጵያ መንግሥት ተከፍቶ ነበር። በሚያዝያ ወር 1928 ዓ.ም. የባዶሊዮ ጦር ከሺህ በላይ ተሽከርካሪዎች አሰልፎ ከደሴ ወደ አዲስ አበባ በገሠገሠ ጊዜም የተጓዘው በዚሁ መንገድ ነው። ጣርማ በር ላይ የደረሰው መንገድ ሠሪ ሳይሆን ተሰብሮ የተገኘን መንገድ ጠጋኝ ሆኖ ነበር፤ ኢትዮጵያውያን ጉዞውን ለማሰናከል መንገዱን አፍርሰውት ነበርና። የወራሪው መሐንዲሶች ኋላ መንገዱን አስፍተው ዋሻውን መፈልፈላቸው አይካድም። ነገር ግን «ከእኛ በፊት ምንም አልነበረም» የሚለው የፊልሞቹ መልእክት ከመነሻው ሐሰት ነው።

አሌሳንድሪኒ የተወለደው እ.ኤ.አ. በ1904 በካይሮ ነው። ወደ ፊልም ሥራ የገባው በአሌሳንድሮ ብላዜቲ ሥር ሲሆን፥ እ.ኤ.አ. በ1931 «የግል ጸሐፊዋ» በተሰኘ ቀላል የሙዚቃ ኮሜዲ ስም አወጣ። ቀጥሎም እ.ኤ.አ. በ1935 የቄሱን የዶን ቦስኮን ሕይወት፥ በ1936 ደግሞ ስለ ፈረሰኛ ጦር መኮንኖች የሚተርክ ፊልም ሠራ። በ1935 አና ማኛኒ የተባለችውን ተዋናይ አገባ። እስከዚህ ድረስ የሚታየው አዲሱን የድምፅ ፊልም ጥበብ ጠንቅቆ የሚያውቅ፥ የታዘዘውን በወቅቱ የሚያስረክብ ባለሙያ ነው። አገዛዙም የሚፈልገው እንዲህ ያለውን ሰው ነበር። ጩኸት ብቻ የሞላበት ፊልም ተመልካችን እንደሚያሰለች የፕሮፓጋንዳ ሹማምንት ያውቁ ነበርና፥ መልእክቱን በፍቅርና በጀግንነት ታሪክ ጠቅልሎ የሚያቀርብ የተካነ እጅ ያሻቸው ነበር።

ታላቁ ዕድል እ.ኤ.አ. በ1938 «ሉቻኖ ሴራ፥ አብራሪው» በተሰኘው ፊልም መጣ። የፊልሙ የበላይ ተቆጣጣሪ የአምባገነኑ ልጅ ቪቶሪዮ ሙሶሊኒ ነበር፤ እርሱም በኢትዮጵያ ላይ በአየር ኃይል ዘምቶ የተመለሰ ነው። በጽሑፉና በቀረጻው የተባበረው ደግሞ በዚያን ጊዜ ብዙም ያልታወቀው ሮቤርቶ ሮሴሊኒ ሲሆን፥ የፊልሙ ክፍል በኢትዮጵያ ምድር ተቀረጸ። ታሪኩ በአንደኛው የዓለም ጦርነት የተዋጋ አብራሪ ኑሮ ጠምሞበት ወደ አሜሪካ ሲሰደድ፥ ከዓመታት በኋላም ስሙን ለውጦ በኢትዮጵያ ዘመቻ ሲሰለፍ የሚያሳይ ነው። በመጨረሻም አብራሪ የሆነውን ልጁን አድኖ ይሞትና የጀግና ሜዳይ ይሸለማል። ዋናውን ሰው የተጫወተው አሜዴዮ ናዛሪ በዚህ ፊልም ዝናው ናኘ።

በታሪኩ ውስጥ አንድ አባት ለልጁ ያለው ፍቅር ልብን ይነካል። ችግሩም ይኸው ነው። ተመልካቹ ለአባትና ለልጅ ሲያለቅስ፥ ከአውሮፕላኑ በታች ያለው ሕዝብ ስምም ፊትም የሌለው አደጋ ብቻ ሆኖ ይቀርባል። ከማይጨው ጦርነት በኋላ በአሸንጌ ሐይቅ አካባቢ በሚያፈገፍገው ሠራዊት ላይ ከአውሮፕላን የወረደው የመርዝ ጋዝ በፊልሙ ውስጥ ጠብታ ቦታ አላገኘም። ኢትዮጵያ በዚያ ጦርነት የነበሯት አውሮፕላኖች በጣት የሚቆጠሩ እንደ ነበሩና በአየር ላይ ለመግጠም እንኳ የማይበቁ እንደ ነበሩ ፊልሙን ያየ ሰው ሊገምት አይችልም።

ፊልሙ በዚያው ዓመት በቬኒስ የፊልም ፌስቲቫል ለኢጣልያ ፊልሞች የተመደበውን የሙሶሊኒን ዋንጫ ተሸለመ። ለውጭ አገር ፊልሞች የተመደበውን ዋንጫ የወሰደችው ጀርመናዊቷ ሌኒ ሪፈንሽታል ስትሆን፥ ሥራዋም ስለ በርሊን ኦሎምፒክ የቀረጸችው ፊልም ነው። ሪፈንሽታል ቀደም ሲል የናዚን ፓርቲ ጉባኤ በታላቅ ጥበብ አስውባ ያቀረበች ናት። ከጦርነቱ በኋላ ታስራ ተመረመረች፤ የናዚ «ተከታይ» ተብላም ተለቀቀች። ከዚያም እ.ኤ.አ. በ2003 በ101 ዓመቷ እስከ ሞተች ድረስ ለኪነ ጥበብ ብቻ እንደ ሠራች ስትከራከር ኖረች። በአንድ ፌስቲቫል፥ በአንድ ዓመት፥ በአንድ ስም በተሰየመ ዋንጫ የሁለቱ አምባገነኖች ባለሙያዎች ጎን ለጎን መቆማቸው ያጋጣሚ ነገር አልነበረም።

አሌሳንድሪኒ በዚህ ድል ማግስት ወደ ሸዋ ታሪክ ዞረ። እ.ኤ.አ. በ1939 የወጣው «አቡነ መስያስ» የተሰኘው ፊልም የካፑቺን መነኩሴና ጳጳስ የሆኑትን የጉሊየልሞ ማሳያን ሕይወት የሚተርክ ነው። በአገሩ ሰው ዘንድ አቡነ መስያስ ተብለው የታወቁት ማሳያ እ.ኤ.አ. በ1846 ወደ አገራችን ጠረፍ ደርሰው፥ በ1868 ወደ ሸዋ መጥተው፥ በምኒልክ ዘንድ ተወደው እስከ 1879 ድረስ ኖረዋል። ካሚሎ ፒሎቶ ማሳያን፥ ኤንሪኮ ግሎሪ ምኒልክን ሆነው ተጫወቱ። ፊልሙ በኢትዮጵያ የተቀረጸ ሲሆን እጅግ ብዙ የአገሩ ሰዎች በአጃቢነት ተሰልፈውበታል። እርሱም በተራው በቬኒስ የሙሶሊኒን ዋንጫ ወሰደ።

በፊልሙ ውስጥ ደጉ ኢጣልያዊ ካህንና አስተዋዩ ምኒልክ ሊስማሙ ሲሉ፥ ክፉ ሆኖ የተሣለው የግብጽ ጳጳስ አቡን «አታናሲዮ» ዐፄ ዮሐንስን አነሣሥቶ ነገሩን ያፈርሳል። ታሪኩ ግን እንዲህ አይደለም። አቡነ አትናቴዎስ ያረፉት እ.ኤ.አ. በ1876 ነው፤ ማሳያ ከሸዋ በወጡበት በ1879 ኢትዮጵያ ጳጳስ አልነበራትም፤ ቀጣዩ አቡነ ጴጥሮስ የመጡት በ1881 ነው። የማሳያን መባረር ያስከተለው የመንግሥት ጉዳይ ነበር። በመጋቢት 1870 ዓ.ም. ከደብረ ብርሃን አጠገብ በምትገኘው በሊቼ፥ ምኒልክ የንጉሠ ነገሥትነትን ስም ትተው ለዐፄ ዮሐንስ ገበሩ፤ ከስምምነቱም ነጥቦች አንዱ የውጭ አገር ሚሲዮናውያንን ማስወጣት ነበር። ሁለት ኢትዮጵያውያን ነገሥታት ያለ ደም መፋሰስ ስለ አገር አንድነት የተዋዋሉበት ጉዳይ በፊልሙ ወደ አንድ ቄስ ተንኮል ወረደ። የራሱን ፖለቲካ የሚያውቅ ሕዝብ «ሥልጣኔ ይምጣለት» ለማለት አያመችምና።

ከዚህም በላይ ፊልሙ ሊያነሣው ያልፈለገው ሌላ የሸዋ ታሪክ አለ። ማሳያ በሸዋ ሳሉ እ.ኤ.አ. በ1876 በኦራዚዮ አንቲኖሪ የሚመራ የኢጣልያ ጂኦግራፊ ማኅበር ቡድን መጥቶ በምኒልክ ዘንድ በክብር ተቀበሉት። በአንኮበር አጠገብ ልጥ ማረፊያ የተባለውን ሥፍራም ለጥናት ጣቢያ ሰጡት፤ አንቲኖሪም በዚያው እ.ኤ.አ. በ1882 ዓረፈ። ይህ የሸዋን እንግዳ ተቀባይነት የሚመሰክር እውነት ነው። ለአጥኚ መሬት የሰጠ አገር የሥልጣኔ ጠላት ነው ሊባል አይችልም። አንባቢ እንደሚያውቀው የእንግድነቱ ታሪክ እ.ኤ.አ. በ1896 በዐድዋ ተቋጨ። ፊልሙ ግን ከዚህ ሁሉ የሚመቸውን ብቻ መርጦ፥ ወረራውን የአንድ መነኩሴ ያልተፈጸመ ምኞት ፍጻሜ አስመሰለው።

ካሜራው ይህን ሲቀርጽ በሰሜን ሸዋ የሚሆነው ሌላ ነበር። በግንቦት 1929 ዓ.ም. በግራዚያኒ ትእዛዝ የደብረ ሊባኖስ ገዳም መነኮሳት ተረሸኑ፤ ግራዚያኒ ራሱ ወደ ሮማ በላከው ቴሌግራም ያመነው የመነኮሳት ቁጥር 297 ሲሆን፥ በኋላ የተደረገው ጥናት እውነተኛው ቁጥር ከዚህ እጅግ እንደሚበልጥ አረጋግጧል። በመንዝ፥ በአንኮበርና በቡልጋ አርበኞች ሳያርፉ ይዋጉ ነበር። በሚያዝያ 1931 ዓ.ም. ደግሞ፥ «አቡነ መስያስ» በቬኒስ ከመታየቱ ጥቂት ወራት ቀደም ብሎ፥ በመንዝ ዘረት በሚባለው ሥፍራ በዋሻ የተጠለሉ አርበኞችና ቤተሰቦቻቸው በመርዝ ጋዝና በጥይት በመቶዎች አለቁ። ይህ እልቂት በኢጣልያ በሰፊው የታወቀው ማቴዮ ዶሚኒዮኒ የተባለ ኢጣልያዊ ታሪክ ጸሐፊ እ.ኤ.አ. በ2006 ሥፍራውን ካጠና በኋላ ነው። እንግዲህ በአንድ አውራጃ ሁለት ዋሻ ነበረ፤ አንዱ ለካሜራ የሚታይ፥ ሌላው ስድሳ ሰባት ዓመት በዝምታ የተሸፈነ። ስለ ደግ ካህን የተሠራው ፊልም ያ ሁሉ ካህን ባለቀ በሁለተኛው ዓመት መሸለሙም የዘመኑን ባሕርይ ይገልጻል።

አሌሳንድሪኒ በጦርነቱ ዓመታትም ሥራ አላጣም። እ.ኤ.አ. በ1942 በሊቢያ በረሃ ስለ ተከበበው የጃራቡብ ምሽግ ፊልም ሠራ። በዚያው ዓመት ከአይን ራንድ ልብ ወለድ፥ የደራሲዋን ፈቃድ ሳይጠይቅ፥ «እኛ ሕያዋን» የተሰኘውን ረጅም ፊልም ለሁለት ከፍሎ አወጣ። ፊልሙ የሶቪየትን ሥርዓት ለመንቀፍ የታሰበ ነበር። ነገር ግን የፖለቲካ ፖሊስና የሰላይ ወሬ የሞላበትን ኑሮ የሚያሳይ ፊልም በሙሶሊኒ አገር ለሚኖር ተመልካች ሌላም ነገር ያሳስበዋል። አገዛዝን ለማገልገል የተሠራ ጥበብ አንዳንዴ ከአዛዡ ፈቃድ ውጭ ሊናገር እንደሚችል ይህ አንድ ምስክር ነው። ለዲሬክተሩ ግን የምስክር ወረቀት አይሆነውም፤ ፊልሙ የተሠራው በአገዛዙ ፈቃድ ነውና።

ፋሽዝም በወደቀ ጊዜ በሮማ የፊልም ባለሙያዎች ማጣሪያ ተደርጎ አሌሳንድሪኒ፥ አውጉስቶ ጄኒናና ካርሚኔ ጋሎኔ ለስድስት ወር ከሥራ ታገዱ። ቅጣቱ ይኸው ነበር። ከጦርነቱ በኋላ አሌሳንድሪኒ እ.ኤ.አ. በ1948 በናዚ የማጎሪያ ካምፕ የሚያበቃ ታሪክ ያለው «ተንከራታቹ አይሁዳዊ» የተሰኘ ፊልም ሠራ። በ1952 ደግሞ ከቀድሞ ባለቤቱ ከአና ማኛኒ ጋር ስለ ጋሪባልዲ ሚስት ስለ አኒታ «ቀይ ሸሚዞች» የተሰኘውን ጀመረ፤ ያንንም የፈጸመው ፍራንቼስኮ ሮዚ ነው። ከዚያ በኋላ ስሙ እየደበዘዘ ሄዶ እ.ኤ.አ. በ1978 በሮማ ሞተ። ለዝናው ዋጋ የከፈለው ለፍርድ ቀርቦ ሳይሆን ተረስቶ ነው።

የረዳቱ የሮሴሊኒ ዕጣ ሌላ ሆነ። እርሱም እ.ኤ.አ. ከ1941 እስከ 1943 ለአገዛዙ ጦር ሦስት ፊልሞች ሠርቶ ነበር፤ የአንዱን ታሪክ የጻፈው ያው ቪቶሪዮ ሙሶሊኒ ነው። ዳሩ ግን በ1945 «ሮማ፥ ክፍት ከተማ» የተሰኘውን ፊልም አውጥቶ በዓለም ሲኒማ አዲስ ምዕራፍ ከፈተ። በጀርመኖች ጥይት መንገድ ላይ የምትወድቀውን ሴት የተጫወተችው አና ማኛኒ ናት። ፊልሙን የቀረጸው ኡባልዶ አራታ ደግሞ «ሉቻኖ ሴራን» የቀረጸው ሰው ነው። እንግዲህ ሰዎቹም እጆቹም ያው ነበሩ፤ የተለወጠው ካሜራው የሚያየው ነገር ነው።

ይህ ለውጥ ታላቅ መሆኑ አያጠያይቅም። ሆኖም አንድ ገደብ ነበረው። ከጦርነቱ በኋላ የታወቁት የኢጣልያ ፊልሞች የኢጣልያን ሕዝብ የናዚ ሰለባ፥ የረኃብና የሥራ አጥነት ሰለባ አድርገው በእውነት አሳዩ። የዚያ ሕዝብ ጦር በኢትዮጵያ የሠራውን ለማሳየት ግን ሌንሱ አልዞረም። ዝምታው ከሲኒማ አዳራሽ አልፎ ፍርድ ቤትም ደረሰ፤ ኢትዮጵያ በጦር ወንጀል ከከሰሰቻቸው መካከል ባዶሊዮና ግራዚያኒ ቢገኙም በኢትዮጵያ ስለ ሠሩት አንዳቸውም አልተዳኙም። ግራዚያኒ እ.ኤ.አ. በ1950 የተፈረደበት ከጀርመኖች ጋር ስለ ተባበረ ነው፤ ያም ሆኖ በወራት ውስጥ ተለቀቀ። በሊቢያ ስለ ተፈጸመው ግፍ የሚያሳየው «የበረሃው አንበሳ» የተሰኘው ፊልም በ1982 በኢጣልያ እንዳይታይ ተከለከለ። የኢጣልያ መንግሥት በኢትዮጵያ የመርዝ ጋዝ መጣሉን በይፋ ያመነው በ1996 ነው። ስድሳ ዓመት የፈጀውን ይህን ዝምታ የገነቡት ፖለቲከኞች ብቻ አይደሉም፤ ጀግናውን አብራሪና ደጉን መነኩሴ በሕዝቡ ዓይን የሣሉ ባለሙያዎችም ድርሻ አላቸው።

አሁን ወደ ተነሣው ጥያቄ መመለስ ይቻላል። የጣርማ በር ዋሻ የተሠራው ለወረራ ነው። ድንጋይ ግን የሚያሳልፈውን አይመርጥም። በ1933 ዓ.ም. የደቡብ አፍሪቃ ብርጌድ ኢጣልያኖችን እያሳደደ ሚያዝያ 18 ቀን ደሴ የገባው ከአዲስ አበባ ተነሥቶ በዚሁ መንገድ ነው። መንገድ ባለቤቱ ሲለወጥ ዓላማውም አብሮ ይለወጣል፤ ስለዚህ ሕዝብ ሊወርሰው ይችላል። ፊልም ግን ዓላማውን በውስጡ ይዞ ይኖራል። «አቡነ መስያስን» ዛሬ የሚያይ ኢትዮጵያዊ እንደ መንገድ ሊጠቀምበት አይችልም፤ እንደ ማስረጃ ሊይዘው ግን ይችላል፤ ማስረጃነቱም በሠሪዎቹ ላይ ነው።

ከዚህ ተነሥቶ መሐንዲሱ ከተጠያቂነት ነጻ ነው የሚል ካለ ይሳሳታል። ዋሻው በኋላ መጥቀሙ የሠሪዎቹ ትሩፋት አይደለም፤ የወረሰው ሕዝብ ነው ያቀናው። አሌሳንድሪኒ የጋዝ ቦምብ አልጣለም፤ የማንንም ሞት አላዘዘም፤ ሥራውም በሙያ መለኪያ ጥሩ ነበር። ነገር ግን ሥራው ጥሩ መሆኑ ነው ጉዳቱን ያከበደው። ባልተካነ እጅ የተሠራ ውሸት ቶሎ ይረሳል፤ በተካነ እጅ የተሠራው ግን ትውልድ ያሳስታል። እንዲሁም ያልተጠና ድልድይ በራሱ ይወድቃል፤ በሚገባ የተሠራ የእስር ቤት ግንብ ግን ለብዙ ዘመን ያስራል። ስለሆነም ባለሙያ የሥራውን ጥራት ብቻ ሳይሆን የሥራውን ጥያቄ፥ ማለትም ለማን፥ በማን ላይ፥ ምን ሰውሮ የሚለውን አስቀድሞ መመርመር ይገባዋል። ይህ ምርመራ ከሥራው በፊት ካልሆነ በኋላ የሚመጣው የስድስት ወር እገዳም ሆነ የዘመን መርሳት አይተካውም።

ሙሶሊኒ በስሙ ዋንጫ ይሰጥበት የነበረው የቬኒስ ፌስቲቫል እ.ኤ.አ. በ2008 የዳኞችን ልዩ ሽልማት ለአንድ ኢትዮጵያዊ ሰጠ። እርሱም በጎንደር የተወለደው ኃይሌ ገሪማ ሲሆን፥ የተሸለመው ፊልም «ጤዛ» ይባላል። ፊልሙ ተምሮ ከጀርመን የተመለሰ አንድ የሳይንስ ባለሙያ በደርግ ዘመን በአገሩ የገጠመውን ይተርካል። ጉዳዩ ከዚህ ጽሑፍ ጉዳይ የራቀ አይደለም፤ አገሩን በሙያው ሊያገለግል የመጣ ሰው አገዛዝ ሲያዘው ምን ያድርግ የሚል ነው። ይህን ጥያቄ በካሜራ ፊት ያቆመው ሰባ ዓመት ቀደም ብሎ በዚያው አዳራሽ ፊትና ስም ተነፍጎት የታየው ሕዝብ ልጅ ነው።